የውሰት ቅድመ አያት

ዩለስ፣ ቴክሳስ
መስከረም 18 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ እትዬ ወለተጊዮርጊስ፣

ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? ያቺ ዝናብ ከመምጣቱ በፊት የምትነግርዎ ግራ ጉልበትዎ ዘንድሮ ክረምቱን እንዴት አሳለፈችዎ? እኔና ሐዳሳ እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ነን። ስልኩ ከተቋረጠ ወዲህ ድምፅዎን ከሰማሁ ስምንት ወር ሞላኝ። ስለ አገሩ የሚወራው ሁሉ ያስፈራል። ሶ ወደ ጎንደር የሚሄድ ሰው ሳገኝ በደብዳቤ ይሻላል ብዬ ተቀመጥኩ። ፖስታውን በፕላስተር አሽጌዋለሁ፤ ተቀዶ ከደረሰዎ ይንገሩኝ።

ወሬዬን ልጀምር። ሐዳሳ ልታገባ ነው! እልል ይበሉ፤ ግን ቀስ ብለው።

ልጁ ዮናስ ይባላል። ሪቻርድሰን በሚባል ከተማ ኮምፒውተር ላይ ነው የሚሠራው። ዝምተኛ ነው፤ ሲስቅ እንኳ ድምፅ የለውም፣ ትከሻው ብቻ ነው የሚነቃነቀው። እናቱ ወይዘሮ ዘነበወርቅ ግን ሌላ ናት። ድሮ በሱዳን በኩል ከመጡት ናት፤ ሠላሳ ዓመት ሆስፒታል ውስጥ የሰው ደም ስትቀዳ የኖረች ነርስ። ሕፃን ካለቀሰ ግን መድኃኒት ከማሰቧ በፊት «ዓይን ነው» ትላለች። ከቅዳሴ በኋላ አዳራሽ ውስጥ ስንበላ ሳህኗን በነጠላዋ ጫፍ ሸፍና ነው የምትጎርሰው። ሴቶቹ «ዘነበ፣ ምግብሽን ከዝንብ ነው ወይስ ከእኛ የምትደብቂው?» እያሉ ይስቁባታል። እኔ አልስቅም። ለምን እንደማልስቅ እርስዎ ያውቃሉ።

እናቴ ሸክላ ሠሪ እንደነበረች ለሐዳሳ እንኳ ነግሬያት አላውቅም። እናቴ ካስተማረችኝ ሁሉ አጥንቴ ውስጥ የቀረው አንድ ነገር ነው፦ ሰው ሲበላ አትይ። እስከ ዛሬ ማዕድ ከቀረበ ዓይኔ መሬት ላይ ነው። እዚህ «አንገት ደፊዋ» ይሉኛል፣ ትሕትና መስሏቸው። ዘነበወርቅም ልጄን የወደደችው «እናቷን አይታችኋል? ጨዋነት ከዘር ነው» ብላ ነው።

አሁን ጭንቄን ልንገርዎ። ባለፈው እሑድ ፓርኪንጉ ላይ ያዘችኝ።

«ዕፄ፣ ሰባት ቤት ሳይቆጠር የእኔ ልጅ ቀለበት አያደርግም» አለችኝ።

«ኧረ በአሜሪካ!» አልኳት፣ ቀልድ ለማስመሰል።

«አሜሪካ ደሜን አልቀየረልኝም። የአባቷን ወገን ነግረሽኛል፤ ሸዋ ነው፣ አይነካካንም። የአንቺን አምጪልኝ። የእኔም ሥር ከዚያው ከእናትሽ አገር አካባቢ ነው፤ እንዳንዋለድ።»

እትዬ፣ ከእናቴ ከእህትዎ ከውድነሽ ወደ ላይ ሰባት ስም ይጻፉልኝ። ስም ብቻ። ሌላ ምንም።

ሥራዬንም ቀይሬያለሁ። የኤርፖርቱን ጽዳት ትቼ አንዲት አሮጊት እጠብቃለሁ፣ እዚሁ ዩለስ። ሚስ ሎረታ ትባላለች። ነጭም ጥቁርም አይደለችም፤ ካታውባ ከሚባሉ የዚህ ምድር ነባር ሰዎች ናት። አገሯ ሩቅ ነው፣ ሳውዝ ካሮላይና፣ በስማቸው የሚጠራ ወንዝ ዳር፤ የአውሮፕላን መካኒክ የነበረው ባሏ ነው ወደዚህ ያመጣት። በሦስተኛው ቀን ምሳዋን ይዤ ስገባ ጭኗ ላይ ገና ያልተተኮሰ ሸክላ አስቀምጣ በድንጋይ ታሸዋለች። እትዬ፣ ድንጋዩ! እንቁላል የምታክል፣ ጥቁር፣ አንድ ጎኗ በጣት ተበልታ የጎደጎደች። ትሪው ከእጄ ሊወድቅ ምንም አልቀረው።

«የእናቴ እናት ናት የሰጠችኝ» አለችኝ። «እንዲህ ያለ አይተሽ ታውቂያለሽ?»

«ኖ» አልኳት።

መልስዎን እየጠበቅሁ ነው።

ልጅዎ ዕፀ ሕይወት


ሸንበቆ ማርያም
ኅዳር 9 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለልጄ ለዕፀ ሕይወት፣

የሸንበቆዋ ማርያም አንቺንም ልጅሽንም ከክፉ ትሰውራችሁ። «ከክፉ ዓይን» ብዬ ልጽፍ ነበር፤ እጄ እምቢ አለ። ፖስታሽ ሳይቀደድ ደርሶኛል። ፊደሌ ቢንጋደድ አትሳቂብኝ፤ መሠረተ ትምህርት ያስተማረችኝ ልጅ ራሷ ስድስተኛ ክፍል ነበረች። ዓይኔም ደክሟል። ሰው ስታገኚ አንድ የማንበቢያ መነጽር ላኪልኝ፣ ሌላ ምንም አልልሽ።

እልል ብያለሁ። ቀስ ብዬ።

እኔ እንዳለሁ አለሁ። ቅዳሜ ገበያ ድስትና እንስራ ይዤ እወርዳለሁ። ገዢ ድስቱን በጣቱ ያንኳኳል፣ ድምፁን ያዳምጣል፣ «እጅሽ ይባረክ» ይላል፣ ብሩን ግን እጄ ላይ አያስቀምጥም፤ መሬት ላይ ነው የሚጥልልኝ። የላስቲክ ባልዲ ከመጣ ወዲህ እሱም እየቀረ ነው። መፈራትም ገበያ ይፈልጋል ለካ።

የጠየቅሽኝን ጻፊ። ውድነሽ የቢያድግልኝ ልጅ ናት። ቢያድግልኝ የፈንታ። ፈንታ የአየለኝ። አየለኝ የአዛዥ ድረስ። አዛዥ ድረስ የወርቄ። ወርቄ የሥነ ጊዮርጊስ። ይኸው ሰባት። እንዳለ ገልብጠሽ ስጫት። ምንም አትጨምሪ፣ ምንም አትቀንሺ፣ እኔንም መልሰሽ አትጠይቂኝ።

ይልቅ ስለ አሮጊቷ ንገሪኝ። ጭቃውን ከየት ነው የምታመጣው? ሳሎኗ ውስጥ ነው የሚፈላው? ምን ትቀላቅልበታለች? በእጇ ነው የምታቆመው ወይስ እንደ ከተሞቹ በሚሽከረከር ነገር? እሳቱን ከታች ነው ከላይ የምታደርገው? በዚያ አገር ሰው ሸክላ የምትሠራ ሴት ቤት ገብቶ ይበላል? ይህን የመጨረሻውን አስቀድመሽ መልሺልኝ።

የእናትሽ ድንጋይ እኔ ዘንድ ናት። ስትሄድ ጣለቻት፣ እኔ አነሳኋት።

ወለተጊዮርጊስ


ዩለስ፣ ቴክሳስ
ታኅሣሥ 20 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ እትዬ ወለተጊዮርጊስ፣

ሰላምታዬ እስከ ደጅዎ ይድረስ። መነጽሩን ከዚህ ጋር ልኬያለሁ፤ ሁለት ነው፣ አንዱ ቢሰበር።

አስቀድመሽ መልሺ ያሉኝን ልመልስ። አዎ፣ ቤቷ ገብተው ይበላሉ። ሸክላዋን በመስታወት ውስጥ አስቀምጠው መብራት ያበሩበታል፤ ዩኒቨርሲቲ ጠርተው ስትሠራ ቁጭ ብለው ያዩዋታል፣ ያጨበጭቡላታል። ስትነግረኝ መጀመሪያ የምታሾፍብኝ መስሎኝ ነበር።

ጭቃው ከወንዛቸው ዳር ነው። ጉድጓዶቹ ከቅድመ አያቶቿ በፊት ጀምሮ የሚቆፈሩ ናቸው፤ የት እንደሆኑ ለባዕድ አይነገርም። የወንድሟ ልጅ በባልዲ ጭኖ በመኪና ያመጣላታል። ሁለት ዓይነት ነው፣ አንዱ የሚጣበቅ፣ አንዱ ሻከር ያለ፤ ትነፋዋለች፣ ታቦካዋለች። የሚሽከረከር ነገር የላትም። ጭቃውን እንደ ገመድ አድቡልቡላ ዙሪያውን ትደራርባለች፣ ከዚያ ትፍቀዋለች፣ ከዚያ ያቺ ድንጋይ። ቀለም አትቀባም፤ የሚያብለጨልጨው ከማሸት ብቻ ነው። መጀመሪያ ኩሽና ባለው ኦቨን ታሞቀዋለች፣ ቀጥሎ ጓሮ አውጥታ በእንጨት እሳት። ባለፈው ጎረቤቷ ጭሱን አይቶ እሳት አደጋ ጠራባት። ሦስት ግዙፍ ሰዎች ከነቆባቸው መጥተው ማሰሮ ከበው ቆሙ! «ቤት አይደለም የሚቃጠለው፣ ታሪክ ነው» አለቻቸው። አንዱ ማሰሮዋን ገዝቶ ሄደ።

እትዬ፣ ታሪካቸው ግን አያስቅም። ብዙ ሕዝብ ነበሩ። ፈንጣጣ ገብቶ ጨረሳቸው፤ ጥቂት መቶ እስኪቀሩ ድረስ። መሬታቸው ሄደ። ወንዶቹ የሚያድኑበት ዱር ሲጠፋ ሴቶቹ ሸክላ ይዘው በየነጭ እርሻው እየዞሩ በእህል፣ በአሮጌ ልብስ እየለወጡ ልጅ አሳደጉ። ሚስ ሎረታ ልጅ ሳለች ደግሞ፣ በ1959 በእነሱ አቆጣጠር፣ መንግሥት «ከእንግዲህ ነገድ አይደላችሁም» የሚል ሕግ አወጣባቸው። እስከ 1993 ድረስ በወረቀት የሉም ነበር።

«እና ምን ሆናችሁ?» አልኳት።

«እናቴ ጭቃ ማቡካቷን ቀጠለች። ሕጉን ለጭቃው ማንም አልነገረውም» አለችኝ።

አሁን የሚያስፈራኝን ልንገርዎ። ባለፈው ቅዳሜ መኪናዬ ተበላሽታ ሐዳሳ ልታደርሰኝ መጣች። ጃኬቷን ሳታወልቅ ሚስ ሎረታ አጠገብ ቁጭ አለች። «ጎበዝ፣ ሞክሪ» አለቻት ሚስ ሎረታ። ልጄ እጇን ጭቃው ውስጥ ከተተች። እትዬ፣ ማንም ሳያሳያት አውራ ጣቷን ወደ ውስጥ አጠፈች፣ ልክ እንደ እናቴ። ልክ እንደ እርስዎ። ሚስ ሎረታ መነጽሯን አውልቃ ልጅቷን ሳይሆን እኔን አየችኝ።

«ማሚ፣ ሉክ! ይሄን ነገር በፊት የሠራሁት ይመስለኛል፣ አይገርምም? ኢዝንት ዛት ዊርድ?»

«ዊርድ ነው» አልኳት። «እጅሽን ታጠቢ።»

አልታጠበችም። አሁን በየቅዳሜው ትሄዳለች። ለሠርጓ የእንግዳ ጠረጴዛ ትንንሽ ሸክላ ልትሠራ አስባለች፤ ለዮናስም ቪዲዮ ልካለታለች። ዮናስ ያየውን እናቱ ታያለች።

የስም ዝርዝሩን ለዘነበወርቅ ሰጥቻታለሁ። ፊት ለፊቴ ጮክ ብላ አነበበችው። አምስተኛው ስም ላይ ስትደርስ አፏ ቆመ። ወረቀቱን አራት ቦታ አጠፈችና ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። «ወንድሜ ጎንደር ነው፤ አንድ ነገር ላጣራ» አለች። ይኸው ሦስት ሳምንት፣ ስልኬን አታነሳም። በቤተ ክርስቲያን ከሩቅ ታየኛለች፣ ዓይኗ ውስጥ ያለውን ማንበብ አቃተኝ። እንቅልፌ ሄዷል።

አምስተኛው ስም ማነው፣ እትዬ? አትጠይቂኝ ብለውኛል። ይኸው ጠየቅሁ።

ልጅዎ ዕፀ ሕይወት


ሸንበቆ ማርያም
ጥር 2 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለዕፀ ሕይወት፣

ማርያም ከፊት ከኋላሽ ትሁን። ከመስከረሙ ወዲህ ከአንቺ አልደረሰኝም። መንገድ ዝግ ነው። ይህንንም መቼ እንደምታገኚው አላውቅ፤ ቶሎ ባገኘሽው።

በልደት ማግስት ኮትና ክራቫት ያደረገ ሰውዬ በሬ ላይ ቆመ። ከአሜሪካ እህቱ ልካው ነው። በእኔ በር ላይ ኮት የለበሰ ሰው ቆሞ አያውቅም፤ ግብር የመጣ መስሎኝ ነበር።

«የውድነሽ ልጅ ዕፀ ሕይወት የምትባል ያውቃሉ?» አለኝ።

«አላውቅም።»

«የአዛዥ ድረስ ዘር ናት ይባላል።»

«እኔ ድስት ሻጭ ነኝ ጌታዬ፤ የጌቶችን ዘር ከየት አውቄ?»

ውኃ ልስጥዎ ብለው «አይ፣ ጠጥቻለሁ» አለ። ሦስት ሰዓት በእግሩ መጥቶ! ድስቶቼን አየ፣ እጄን አየ፣ ሄደ። ልጄ፣ እኔ አላውቅሽም አልኩ። በአፌ። በሕፃንነትሽ ያዘልኩሽን ልጅ። ዶሮ ጮኾ ቢሆን እንደ ጴጥሮስ ወጥቼ ባለቀስኩ፤ የጮኸው ግን የጎረቤት ውሻ ነው።

እሱ ከሄደ በኋላ ሰው ሁሉ «ምን ፈልጎሽ ነው?» ይለኛል። የተኛ ወሬ ተቀሰቀሰ። የእናትሽ ነገር፣ ያ የታመመው ሕፃን፣ «ማን በላህ?» ሲሉት ስሟን የጠራው፣ በዚያው ቀን በጀርባ በር የወጣችው... ሁሉም ሰው ትናንት የሆነ ያህል ያወራዋል።

እውነቱን ልንገርሽ። የጻፍኩልሽ ቤት የእኛ አይደለም። የእኛን ብጽፍ በዚህ ወረዳ ስሙን ሰምቶ ሥራችንን የማያውቅ የለም። የአዛዥ ድረስ ቤት ትልቅ ተዝካር ሲያወጡ ጋኑን ሁሉ የሠራሁት እኔ ነበርኩ። ጋኖቼ ገቡ፣ እኔ ከአጥር ውጭ ቀረሁ። አለቃው ዘሩን ከአዛዥ ድረስ ወደ ላይም ወደ ታችም ሲቆጥሩ ከአጥሩ ውጭ ቁጭ ብዬ ሰማሁ። ደስ የሚል ቆጠራ ነው፣ እንደ ዜማ ይወርዳል፤ በዚያው በቃሌ ቀረ። ስትጠይቂኝ፣ ለሠርግ ነጠላ ይዋሱ የለ፣ እኔም አያት ተዋስኩልሽ። ጫፉን በእናትሽ ስም ቀጠልኩት። ማን ያውቃል ብዬ።

መነጽሩን ተይው። ምንም አትላኪልኝ። ደብዳቤም አትጻፊልኝ። ደብዳቤሽ እኔ ጋ ከተገኘ ያልኩት ሁሉ ይፈርሳል።

ወለተጊዮርጊስ


ዩለስ፣ ቴክሳስ
መጋቢት 10 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ እትዬ ወለተጊዮርጊስ፣

አትጻፊ ብለውኛል፤ ይቅር ይበሉኝ፣ ጻፍኩ። ደብዳቤዎ የደረሰኝ ዛሬ ሳምንት ነው። የዘነበወርቅ መልስ ደግሞ ከሱ በፊት በአሥር ቀን ደርሶኝ ነበር።

ጠርታኝ ሪቻርድሰን ቤቷ ሄድኩ። ገና በር ላይ አንገቴ ላይ ተጠመጠመች። እንባዋ ትከሻዬን አራሰው። «እህቴ! እህቴን እኮ ነው ከፊቴ አስቀምጬ የማላውቃት!» አዛዥ ድረስ ለካ የእሷም ቅድመ አያት ነው። ሳመችኝ፣ አለቀሰች፣ ፎቶ አወጣች። «ይቺን አፍንጫ እይ፣ የአንቺው ናት!» እኔም አየሁ፤ እትዬ፣ እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ለአንድ አፍታ አፍንጫው የእኔ መሰለኝ። እንደዚያ ተደርጌ ታቅፌ አላውቅም።

ከዚያ እንባዋን ጠረገችና «ሠርጉ ቀርቷል» አለች። «ዘመድ ከዘመድ አይጋባም። አዳራሹን ካንስል አድርጌዋለሁ።»

ከሰባት ሺህ ቤት አዛዥ ድረስን መረጡልኝ እትዬ!

ሐዳሳ አበደች። «ማሚ፣ የቅድመ አያት የልጅ ልጅ ምናምን! ቴክሳስ ውስጥ ፕሮብሌም የለውም እኮ!» ዮናስ እናቱን አይጋፋም፤ ትከሻው መነቃነቅ ትቷል። ልጄ ቅዳሜ ሚስ ሎረታ ጋ ሄዳ የሠራቻቸውን ትንንሽ ሸክላዎች አንድ በአንድ መሬት ላይ ጣለቻቸው። ያልተተኮሱ ነበሩና አይሰበሩም፣ ይጨፈለቃሉ። ሚስ ሎረታ ጭቃውን ሰብስባ ውኃ ረጨችበት። «ግድ የለም፣ ይህ ገና ይሠራል» አለች።

እዚያው ወለሉ ላይ ቁጭ ብዬ ለሚስ ሎረታ ሁሉንም ነገርኳት። ለማን ልንገር? እስክጨርስ ሰማችኝና «እናቴ ከተማ ስንገባ 'ማን ናችሁ ካሏችሁ ሌላ ስም ስጡ' ትለን ነበር» አለችኝ። «ሰጥተን እናውቃለን። የሰጠነው ስም ቤት አስገብቶናል፤ ውስጥ ገብተን ግን መቀመጥ አልቻልንም። አንቺ ልጅሽን ለማስገባት የሰጠሽው ስም ጭራሽ አስወጣት።»

ሁለት በር ነው ያለኝ እትዬ። ዝም ካልኩ ሐዳሳ ዮናስን አጣች። ከተናገርኩ ደግሞ የቡዳ ልጅ ናት።

ትናንት ዘነበወርቅ ቤት ሄድኩ። ዘጠኝ ሰዓት አልፎ ነበርና ጾሟን ልትፈታ ሽሮዋን አቅርባ ተቀምጣለች። «ነይ እህቴ፣ እጅሽን ታጠቢ» አለች።

«እህትሽ አይደለሁም» አልኳት። «አዛዥ ድረስ ዘመዴ አይደለም። ውሰት ነው። እናቴ ሸክላ ሠሪ ነበረች፣ እናቷም፣ የእናቷ እናትም። በእናንተ ድግስ ጋን የሠራነው፣ ከአጥር ውጭ የቀረነው እኛ ነን። ቡዳ የምትሉን እኛ ነን። ልጆቹ አይዛመዱም።»

ያን ቃል በአፌ ስለው የመጀመሪያዬ ነው። እኔ እንደ ልማዴ መሬት መሬት አያለሁ። ቀና ሳልል የነጠላዋ ጫፍ ሲንቀሳቀስ አየሁት። ቀስ ብላ ሳህኑን ሸፈነችው።

ተነስቼ ወጣሁ። መኪናዬን የት ፓርክ እንዳደረግሁ ጠፍቶኝ መንገዱን ሁለቴ ዞርኩት። እስካሁን አልደወለችም። ለሐዳሳ ግን ትናንትና ማታውኑ ነገርኳት። አልጮኸችም። እጇን ዘርግታ አየችው፣ ገልብጣም አየችው። «ሶ ለዚህ ነው» ብቻ አለች።

ልጅዎ ዕፀ ሕይወት


ሸንበቆ ማርያም
ግንቦት 3 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ፣

ስምሽን ከላይ ያልጻፍኩት መንገድ ስለሚያስፈራ ነው።

አንብቤ ሦስት ቀን አፈር አልነካሁም። ተቆጣሁሽ፣ ከዚያ አለቀስኩልሽ፣ ከዚያ ደግሞ ቀናሁብሽ። ስድሳ ስምንት ዓመቴ ነው፤ «እኛ ነን» ብዬ አላውቅም። እነሱ ናቸው የሚሉልኝ።

እዚህም ነገር ነበረ። የጎረቤቴ ሕፃን ታመመና ዓይን ሁሉ ወደ ቤቴ ዞረ። አባቱ ዱላ ይዞ ሁለት ጊዜ በበሬ አለፈ። እኔ ውስጥ ሆኜ በሩን በጋን ደግፌ ቁጭ አልኩ። አየሽ፣ በሠራሁት ጋን! አራተኛው ቀን ጤና ጣቢያ ወሰዱት፤ ወባ ነው ተባለ፣ ዳነ። «ይቅርታ» ያለኝ የለም። እናቱ ግን በበነጋው እንስራ ልትገዛ መጣች፤ ብሩን መሬት ላይ አላስቀመጠችውም። ደጄ ያለው መቀመጫ ድንጋይ ላይ አስቀመጠችው። መሬትም አይደል፣ እጄም አይደል። እኔም አነሳሁት።

አሁን የራስሽን ቤት ውሰጂ። ውድነሽ የትሁኔ ልጅ ናት። ትሁኔ የጥሩነሽ። ጥሩነሽ የብርቄ። ብርቄ የማንጠግቦሽ። ማንጠግቦሽ የዝማም። ዝማም የወለላ። ሰባት። ሁሉም ሴት ናቸው፤ ቤት በወንድ ይቆጠራል ይላሉ፣ ድንጋይዋ ግን በሴት እጅ ነው የመጣችው። ይኸው ላክኋትልሽ። በካልሲ ጠቅልያታለሁ፤ ፈታሾቹ ምንድን ነው ቢሉ ድንጋይ ነው በሏቸው ብያለሁ። እውነት ነዋ።

አንድ ነገር ልለምንሽ። ልጅቷ የሠራችውን አንዲት ትንሽ ነገር ላኪልኝ፣ የተሰነጠቀም ቢሆን። ታችዋ ላይ ስሟን ትጫርበት።

እና አንድ ነገር ልዘዝሽ። እናትሽ ያስተማረችሽን ተይ። ዓይንሽን አንሺ።

ወለተጊዮርጊስ ትሁኔ


ዩለስ፣ ቴክሳስ
ሰኔ 15 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለውድ እትዬ ወለተጊዮርጊስ፣

ሰላምና ጤና ለእርስዎ፣ ለጉልበትዎ፣ ለደጅዎም። ድንጋይዋ በደኅና ገባች። ሐዳሳ ካልሲውን ስትፈታ አውራ ጣቷ ጎድጓዳው ላይ ራሱ ሄዶ ተቀመጠ። ሚስ ሎረታ ከራሷ ድንጋይ ጎን አድርጋ አየቻትና «ይሄ ሥራ የለመደ ድንጋይ ነው» አለች። የጠየቁኝን አብሬ ልኬያለሁ፤ ታችዋ ላይ ሐዳሳ ይላል፤ «ሐ» ወደ ኋላ ዞራለች፣ ይታገሷት።

ያለፈው ሐሙስ በሬ ተንኳኳ። ዘነበወርቅ ናት፣ ብቻዋን። ሦስት ወር ሙሉ አንድ ቃል ያልላከች ሴት ምሳ ዕቃ በፌስታል አንጠልጥላ ቆማለች። ልትሰድበኝ ነው ብዬ በሩን በግማሽ ከፍቼ ያዝኩት።

«ልግባ?» አለች።

ገባች። ነጠላ አላደረገችም። ጠረጴዛው ጋ ተቀመጠች፣ ምሳ ዕቃውን ከፈተች፣ የምስር ወጥ ነው።

«ዕፄ፣ ሠላሳ ዓመት ደም ቀድቻለሁ» አለች። «ከጥቁሩም ከነጩም፣ ከጌታውም ከደሃውም። አንድም ቀን ደም ላይ ቡዳ ተጽፎ አላየሁም። አውቃለሁ እኮ። ግን እፈራለሁ። ማወቅ ፍርሃትን አያስወጣም። ልጄ ደግሞ 'አንቺ የፈራሽውን እኔ አልከፍልም' ብሎኝ ከቤት ወጥቷል፤ ሚያዝያን ሙሉ አልደወለም።»

«እና ምን ላድርግልሽ?» አልኳት፣ ወለሉን እያየሁ።

«ቀና በይ። እየበላሁ እይኝ።»

እትዬ፣ ድንጋይዋን መዳፌ ውስጥ ጨብጬ ነበር። ዓይኔን ማንሳት ያን ያህል ይከብዳል ብዬ አስቤ አላውቅም። እሷ ቆረሰች። ምስሩ ጠረጴዛው ላይ ተንጠባጠበ። እሷ ዓይኔን ፈራች፤ እኔም ዓይኔን ፈራሁ። ቢያማትስ? ነገ ብትተኛስ? እኔ ራሴ ሳላምን አምኜው የኖርኩት ነገር እውነት ቢሆንስ? ጎረሰች፣ አኘከች፣ ዋጠች። አየኋት። እስክትጨርስ አየኋት። አልሸፈነችውም።

ሳህኑን አጥባ፣ ፌስታሏን አጣጥፋ «ሐምሌ 6 እሑድ ነው፤ ግራንድ ፕሬሪ ያለውን አዳራሽ መልሼ ይዣለሁ» አለችና ሄደች።

ያን ሌሊት አልተኛሁም። ስልኬን ደረቴ ላይ አድርጌ ቆየሁ። ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ጮኸ።

«ዕፄ፣ ደኅና አድሬያለሁ» አለችኝ።

«እኔም» አልኳት።

ዕፀ ሕይወት፣ የውድነሽ፣ የትሁኔ ልጅ